ሳይፋቅ የተመለሰው ካርድ

አርባ ምንጭ፣ መስከረም ፰ ቀን ፳፻፲፩ ዓ.ም.

ውድ ልጄ ሳምሶን፣

ይህን ወረቀት በእጅህ የምታስገባልህ የጎረቤታችን የሚፍታ እኅት ሰዓዳ ናት። ከፖስታው ውስጥ አብሮ የሚወጣውን ካርድ ስታይ አትደንግጥ። ለዓረፋ ከሻርጃ ወደ አገሯ ስትመጣ ለልጅህ ለቲጂ አስይዘህ የላክኸው «ጌም ፓስ» የተባለው የጨዋታ መክፈቻ ካርድ ነው። በላዩ ያለው ሽፋን አልተፋቀም፤ ቁጥሩንም ማንም አላየውም። እንዲመለስልህ ያዘዝሁት እኔ ነኝ። ስጦታ መመለስ ነውር መሆኑን አላጣሁትም፤ በቤታችንም ከዚህ ቀደም አልተደረገም። ስለዚህ ምክንያቱን በጽሑፍ ላስረዳህ ተቀመጥሁ። በስልክ ስንነጋገር እኔ ድምፄን ከፍ አደርጋለሁ፣ አንተ «እሺ አባባ፣ እሺ አባባ» ትላለህ፣ ከዚያም መስመሩ ይቋረጣል። ወረቀት ግን አይቋረጥም፤ እሺ ከማለትህ በፊት እስከ መጨረሻው ታነብበዋለህ።

እኛ ለፈጣሪ ምስጋና ይድረሰውና በደኅና አለን። እናትህን ጉልበቷ ቢያስቸግራትም አንደበቷ እንደ ጥንቱ ነው። በኩልፎ ወንዝ ዳር ካለው ሙዛችን ክረምቱ ጥቂቱን ጣለብን፤ የቆመው ለእኛ ይበቃናል። ቲጂ ስምንተኛ ክፍል ገብታለች። ቁመቷ የእናትህን አልፏል። ፈገግ ስትል ነፍሷን ይማርና እናቷን ትመስላለች፤ ስትቆጣ ግን አንተን ራስህን ናት።

አሁን ወደ ጉዳዩ ልግባ።

ያን ኤክስቦክስ የተባለ ጥቁር የጨዋታ ሳጥን የላክህ ጊዜ ደስ እንዳላለኝ ታውቃለህ። ጸሎት በሚደረስበት ቤት የጩኸት ዕቃ ምን ይሠራል ብዬ ነበር። እናትህም ጨርቅ አልብሳው ከቁም ሣጥኑ አጠገብ ስታስቀምጠው «እንግዳ ነው፣ ይረፍ» ብላ ቀልዳብኛለች። ኋላ ቅሬታዬን የተውሁት ማንም መክሮኝ አይደለም፤ በጆሮዬ ሰምቼ ነው።

በስልክ ስትደውልላት ልጅህ ምን እንደምትል ታስታውሳለህ። «ደኅና ነኝ። ትምህርት ጥሩ ነው። እሺ። ቻው።» ከዚያ ስልኩን ለእናትህ ታቀብላለች። አንድ እሑድ ግን ከቅዳሴ ተመልሰን፣ ምሳ ተበልቶ፣ እኔ በመስኮቱ አጠገብ ጋደም ብዬ ሳለሁ፣ ማዳመጫውን በጆሮዋ አድርጋ፣ ጆይስቲኩን በሁለት እጇ ይዛ ከአንተ ጋር ኳስ ስትጫወት ሰማሁ። ሁለታችሁም በአንድ ቡድን ነበራችሁ። የአንተ ድምፅ አይሰማኝም ነበር፤ የእርሷ ብቻ ነው።

«አባዬ፣ በግራ በኩል ና። በግራ፣ በግራ። አዎ፣ እዚያው ቁም።» ቀጥላም፣ ዓይኗን ከቴሌቪዥኑ ሳታነሣ፣ «አርብ ዕለት ክፍል ውስጥ አለቀስሁ» አለች። አንተ የሆነ ነገር ብለሃል። «ማንም አልነካኝም። ኳሱን ልቀቅ እንጂ፣ ይቀሙሃል። ስለ እናታችሁ ጻፉ ብለውን ነው።»

ልጄ፣ እኔና እናትህ ከእርሷ ጋር በአንድ ጣሪያ ሥር እየኖርን ይህን አላወቅንም ነበር። ሻርጃ በሆቴል ልብስ ማጠቢያ ቤት የምትውለው አንተ ግን በዚያች ቅጽበት ዐወቅህ።

ነገሩ እንግዳ አልሆነብኝም። አንተና እኔስ እንዴት እንነጋገር ነበር? በማዕድ ላይ ሳለን ከአንተ አንድ ቃል ማውጣት ድንጋይ ከመፈንቀል ይከብድ ነበር። ጎሕ ሲቀድ የውኃ ተራችን ደርሶ ወደ ኩልፎ ስንወርድ ግን፣ አንተ ከላይ፣ እኔ ከታች፣ በየቦያችን አጎንብሰን ሳለን፣ ፊት ለፊት ሳንተያይ ሁሉን ትነግረኝ ነበር። የቲጂን እናት ልታገባ ማሰብህንም የሰማሁት እዚያው ነው። «አባባ፣ አንዲት ልጅ አለች» አልኸኝ። እኔም «መጀመሪያ ያን ቦይ ድፈነው፣ ውኃው ወደ ሰው ማሳ እየሄደ ነው» አልሁህ። ደፈንኸው፤ ከዚያ ስሟን ነገርኸኝ። እጅ ሥራ ሲይዝ ምላስ እንደሚፈታ ያን ጊዜ ተረድቻለሁ። ልጅህም የአንተ ልጅ ናት፤ ልዩነቱ፣ የእርሷ ቦይ በቴሌቪዥን ውስጥ ያለ መሆኑ ነው።

ከዚያ ወዲህ እሑድ በዐሥር ሰዓት እኔ ራሴ «ሰዓቱ ደረሰ» እያልሁ አስታውሳት ጀመር። እናትህ ትስቅብኛለች። እኔ ግን እናንተን ስሰማ ማኅሌቱ ትዝ ይለኝ ነበር። ቀኙ ይመራል፣ ግራው ይቀበላል፤ ግራው ሲመራም ቀኙ ይቀበላል። ድምፁ የቱንም ያህል ያማረ ቢሆን፣ አንድ ሰው ብቻውን ቆሞ ሁለት ወገን ሊሆን አይችልም። ይህን ዐርባ ዘመን ስመራ ኖሬያለሁና ከማንም አልጠይቅም።

ያጠፋፋችሁን ነገር ደግሞ እንደሚከተለው አገኘሁት።

ፍልሰታ ሊገባ ሲል ቲጂ ለእናትህ ሱባኤ እንደምትይዝ ነገረቻት። ምግቡን ከሕፃንነቷ ጀምሮ ስትጾም ኖራለች፤ ዘንድሮ ግን ከምግቡ ሌላ የምትወደውን ነገር ልተው ብላ፣ ማሽኑን በነጠላዋ ጠቅልላ ከቁም ሣጥኑ ላይ ሰቀለችው። ሱባኤ የያዘ ሰው የለመነውን እንደማያወራ፣ የተወውንም እንደማያውጅ ያስተማርኋት እኔ ነኝ፤ እንደ ተማረችውም አደረገች። ለአንተ ምንም አልነገረችህም። እኛም አንተ የዚህ ቤት ልጅ ስለ ሆንህ ፍልሰታ መግባቱን ታውቃለህ፣ ልጅህም ለምን እንደ ጠፋች ይገባሃል ብለን ዝም አልን። እዚያ አገር ቀኑ ሁሉ አንድ ዓይነት መሆኑን አላሰብንም።

አንተም በጾሙ ውስጥ በነበሩት ሁለት እሑዶች ከሥራ ተመልሰህ፣ ማሽንህን ከፍተህ ተቀመጥህ። ማንም አልመጣልህም። ደውለህ ለምን ብትል ኖሮ ባልከፋ ነበር። አንተ ግን ያደረግኸውን ከሚፍታ ሰማሁ። «ልጄ ጨዋታው ሰልችቷታል መሰለኝ፤ ብዙ ጌም ያለው የትኛው ነው?» ብለህ ጻፍህለት። እርሱም የጠየቅኸውን መለሰልህ። አንተም እስከዚያ ድረስ ስትከፍልላት የኖርኸው «ጎልድ» የተባለው ክፍያ ጊዜው ሲያበቃ ሳታድሰው ቀርተህ፣ በምትኩ ይህን ካርድ ገዛህ።

ጾሙ ከተፈታ በኋላ በነበረው እሑድ ልጅህ ምን እንዳደረገች ልንገርህ። ከቅዳሴ እንደ ተመለስን ልብሷን እንኳ ሳትቀይር ማሽኑን አውርዳ፣ አቧራውን ጠርጋ ከፈተችው። ዐሥር ሰዓት ሲሆን ስምህን ፈልጋ ልትገባ ስትል ማሽኑ አላስገባት አለ፤ የጎልዱ ጊዜ አብቅቷል የሚል ጽሑፍ ወጣባት። ቆይታ አነበበችው። ጆይስቲኩን በቀስታ አስቀምጣ «አያቴ፣ ውኃ ልቅዳ?» ብላ ወጣች። ባልዲዎቹ ሁሉ ሙሉ ነበሩ።

በማግሥቱ ሰዓዳ ካርዱን ይዛ መጣች። ማታ አንተ ስትደውል «ሁለት አገልግሎቶች አሉ፤ የቱ ይሻልሻል? ይኼኛው ብዙ ጌም አለው» አልኻት። «ሁለቱም አንድ ነው። አንተ የፈለግኸው ይሁን» አለችህ። አንተ መስማማት መሰለህ። እኔ ፊቷን አየሁት፤ መስማማት አልነበረም።

ካርዱ በመደርደሪያው ላይ ዋለ፣ አደረ። ሊፍቀው እጅ የሰነዘረ የለም። በሦስተኛው ቀን ይዤው ከአጥራችን ጋር ወደሚዋሰነው ወደ ሚፍታ የስልክ ሱቅ ሄድሁ። ሱቁ በሰው ተሞልቶ ነበር። ሚፍታ ካርዱን በእጄ ሲያይ፣ «መሪጌታ፣ እርስዎም ጌም ሊጀምሩ ነው?» አለኝ። ሰዎቹ ሳቁ። እኔም «ለመሸነፍ ዕድሜዬ ይፈቅዳል፤ ግን መጀመሪያ አስረዳኝ» አልሁት። ወንበር ሰጠኝና ያስረዳኝ ጀመር።

«ይሄን ዕቃ ቤት በሉት» አለ ካርዱን እያገላበጠ። «ክፍያው በየወሩ እስከ ቀጠለ ድረስ ከመደርደሪያው የወደደችውን ጌም አውርዳ ትጫወታለች። ክፍያው የቆመ ቀን መደርደሪያው ይዘጋል። ብዙ ልጆች ይወዱታል፤ እኔም ኢንተርኔቱ ፈጣን ቢሆን እወደው ነበር። እዚህ አንዱን ጌም ለማውረድ ሳምንት ሊፈጅ ይችላል።»

«ጎልዱስ?»

«ጎልድ እናንተ ማኅበር የምትሉት ነው። ጌሙ ቤትዎ አለ። የሚከፈለው ሩቅ ካለ ሰው ጋር አብሮ ለመጫወት ነው።»

«በዕቃ ቤቱ ካርድ ከአባቷ ጋር መጫወት አትችልም ማለት ነው?»

«ብቻዋን ትችላለች። አጠገቧ ከተቀመጠ ሰው ጋርም ትችላለች፤ እርስዎ ከፈቀዱ ከእርስዎ ጋር። ሻርጃ ካለ ሰው ጋር ግን ያለ ጎልድ አይሆንም።»

ይህን ለአንተ ነግሮህ እንደ ሆነ ጠየቅሁት። ይጠርገው የነበረውን ስልክ ይዞ ቆመ። የትኛው ብዙ ጌም አለው ብለህ እንደ ጠየቅኸው፣ ደንበኛ የጠየቀውን መመለስ ልማዱ እንደ ሆነ ነገረኝ። «ደግሞ ልጅቱ ሰልችቷታል ብሎኝ ነበር» አለ።

«አልሰለቻትም። ጾም ላይ ነበረች» አልሁት።

ሚፍታ ስልኩን አስቀመጠ። «ያ ረቢ። የኔም ልጆች ረመዳን ሲገባ ይዘጉታል እኮ። እንዴት አላሰብሁትም?» ቀጥሎም፣ «ሳምሶንስ እንዴት ረሳው?» አለኝ።

ካርዱን ይዤ ተመለስሁ።

ቤት ገብቼ ነገሩን ለእናትህ በነገርኋት ጊዜ፣ ከያዘችው ሥራ ቀና ብላ «በሩን ዘግቶ መጋዘን ገዛላት በለኛ» አለች። ይህ የእርሷ ቃል ስለ ሆነ ሳላለዝብ ጻፍሁልህ። ቲጂንም ጠርተን አባትሽ የሰለቸሽ መስሎት ነው አልናት። መጀመሪያ አልገባትም። ሲገባት ከመቀመጫዋ ተነሥታ፣ «እኔ ደግሞ እሱ የሰለቸው መስሎኝ ነበር» አለች።

«ታዲያ ጾም ላይ ነኝ ብትይው ምን ነበር?» አለቻት እናትህ።

«ሱባኤ አይነገርም ተብዬ» አለች፤ ወደ እኔም አየች።

እኔ ተማሪዎቼን በጥያቄ ሳፋጥጥ የኖርሁ ሰው፣ ለዚያች ልጅ የምመልሰው ቃል አላገኘሁም።

ሳምሶን፣ ነገሩ እዚህ ላይ ቢያበቃ ካርዱን በዝምታ አስለውጥ ብዬህ በተውሁት ነበር። ግን ከዚያ በፊት የሆነ አንድ ነገር አለ፤ አንተም ታውቀዋለህ። በሐምሌ ወር በአንዱ እሑድ፣ ጨዋታው ለዕረፍት ቆሞ ሳለ፣ ልጅህ «ለመስቀል ትመጣለህ?» ብላ ጠየቀችህ። የአንተ ድምፅ እንደማይሰማኝ ነግሬሃለሁ፤ ዝምታህ ግን ተሰማኝ። ረጅም ነበር። ከዚያ እርሷ «እሺ፣ ጀምር» አለች። ከዚያ እሑድ ወዲህ አንዳንዴ ዘግይተህ ትገባ፣ አንዳንዴም ቶሎ ትወጣ ጀመርህ። መልስ የሌለው ሰው ጠያቂውን መሸሹ የተለመደ ነው፤ እኔ ራሴ አሁን የነገርሁህን አይተሃል። ስለዚህ አልገሥጽህም። ነገር ግን እነዚያን ሁሉ ጌሞች ስትገዛላት፣ ከመካከላቸው አንዱ እንኳ «መቼ ትመጣለህ» ብሎ የማይጠይቅ መሆኑ ትንሽ ዕረፍት ሰጥቶህ እንደ ሆነ ራስህን መርምር። መልሱን ለእኔ አትጻፍልኝ።

እርሷ ግን ተስፋ አልቆረጠችም። ጥያቄዋን ከአንተ አንሥታ ወደ ፈጣሪ ወሰደችው እንጂ። የምትወደውን ጠቅልላ የሰቀለችው ለዚህ ነው ብዬ አምናለሁ። ምን እንደ ለመነች አልጠየቅኋትም፤ አንተም አትጠይቃት። በእነዚያ እሑዶች ግን አንተ ባዶ ወንበር ፊት ተቀምጠህ ስታዝን፣ እርሷ ስለ አንተ ቆማ ትጸልይ ነበር። ሁለታችሁም በአንድ ሰዓት አንዳችሁ ሌላችሁን ትፈልጉ ነበር። አልተያያችሁም እንጂ አልተለያያችሁም።

ስለዚህ ቁርጤን ልንገርህ።

ዕቃ ቤቱን ክፉ ነው አልልም። ደብራችንም ዕቃ ቤት አለው፤ ያለ እርሱ አገልግሎት አይቆምም። ነገር ግን በዕቃ ቤት ማኅሌት አይቆምም። ከሁለቱ አንዱን መምረጥ ግድ ከሆነ፣ እኔ የዚህ ቤት አባት ሆኜ ልጅህ ከአንተ ጋር የምትገናኝበትን መርጫለሁ። ያችው አንዲት የኳስ ጌም እስክታረጅ ድረስ ትበቃታለች። ይህን ካርድ ሱቁ የሚቀበልህ ከሆነ መልስ፤ የማይቀበልህ ከሆነ አብሮህ ለሚኖር ሰው ልጅ መርቀህ ስጠው። ለቲጂ ግን ጎልዱን ክፈት። ይህ ልመና አይደለም፤ አባትህ ያዘዘህ ነው።

ሁለተኛ፣ እሑድ በእኛ ዐሥር ሰዓት፣ በእናንተ ዐሥራ አንድ፣ ሥራ ካልያዘህ በስተቀር ቦታህ ላይ ተገኝ። ሥራ ከያዘህም ቀደም ብለህ ንገራት። እኛም ደግሞ ጾም ሲገባ እንነግርሃለን። የለመነችውን ሳይሆን የዘጋችበትን ምክንያት መናገር ሱባኤውን እንደማያፈርስባት አሁን አስተምሬያታለሁ። ጽጌ ጾም ቅርብ ነው፤ በዚያ ጊዜ ማሽኑ አይዘጋም። ነቢያት ሲገባ ግን ራሷ ትነግርሃለች።

ሦስተኛው ይከብድሃል። መቼ ትመጣለህ ብላ ስትጠይቅህ ዝም አትበላት። ውልህ ለመስቀል እንደማይፈቅድልህ ዐውቃለሁ፤ «ና» አላልሁህም። ቀኑን የማታውቀው ከሆነ «አላውቅም» በላት። ልጅ ሳለህ ዜማው ገና ሳይጠናልህ በማኅሌት መካከል አቆምህ ነበር። መቋሚያህን ይዘህ፣ የማታውቀውን እየሰማህ፣ ከሰልፉ ሳትወጣ ታድር ነበር። ያን ጊዜ ማንም አላፈረብህም። አሁንም አለማወቅህ አያሳፍርህም፤ የሚጎዳው ከሰልፉ መውጣትህ ነው።

የመስቀል ችቦህን ዘንድሮ ቲጂ ትይዝልሃለች። እናትህ ወንድ ልጅ ይያዝ ብላ ትንሽ ተከራከረች፤ ልጅቱ «አባዬ ሲመጣ አስረክበዋለሁ» ስትላት ዝም አለች። እናትህ ዝም ስትል ስንት ጊዜ አይተሃል?

ሰዓዳ ነገ ማለዳ ትነሣለች። ልጅህ ከአጠገቤ ቆማ ማሽኑን ዳግመኛ ከጠቀለለችበት ነጠላ እየፈታች ነው፤ ጎልዱ ገና ሳይከፈት ለምን ታወጪዋለሽ ብላት፣ ቦታው ላይ ሆኖ ይጠብቅ አለችኝ። ከዚህ ወረቀት ጋር የምትልክልህ ቃል እንዳላት ጠየቅኋት። እንደ ልማዷ ምንም አትልም ብዬ ብዕሬን ላስቀምጥ ስል መለሰችልኝ፤ ቃሏን ሳልጨምር ሳልቀንስ አስፍሬልሃለሁ።

«በግራ በኩል ይምጣ በሉት። በቀኝ እኔ አለሁ።»

ከነሙሉ በረከቴ፣
አባትህ መሪጌታ ወልደሥላሴ